ወርዷል ያልኩት ክኒን

ድመቴ ማስነጠስ ይዟት፣ ዓይኗም ማንባት አላቆም ሲል የእንስሳት ሐኪም ጋ ወሰድኳት። ዶክሲሳይክሊን የሚባል አንቲባዮቲክ ታዘዘላት። ክኒኑ ከትንሿ ጣቴ ጥፍር አይበልጥም፤ ይቺን ማስዋጥ ምን ይከብዳል አልኩ። መጀመሪያ ቀን አፏን ፈልቅቄ ወረወርኩት፤ ክንዴ ተቧጨረ እንጂ ዋጠችው መሰለኝ።

በማግስቱ ብልጠት መስሎኝ ክኒኑን ፈጭቼ ከምግቧ ጋር ቀላቀልኩት። አሸተተችና ጥላው ሄደች። የባሰው ግን ከዚያ ወዲያ ያንኑ ምግብ ያለ መድኃኒትም አልነካም ማለቷ ነው። ድመት ለቀናት ሳትበላ ከቆየች ጉበቷ ሊጎዳ ስለሚችል ይሄ ቀላል ጣጣ አይደለም። ሽፋን ያለውን ክኒን ደግሞ ሐኪም ሳይጠይቁ መፍጨት ጨርሶ ልክ አይደለም።

በሦስተኛው ቀን ፎጣ አመጣሁ። ጠረጴዛ ላይ ጀርባዋን ወደ እኔ አድርጌ አስቀመጥኳትና አራት እግሯን ጠቀለልኩ፤ ጭንቅላቷ ብቻ ቀረ። በግራ እጄ ከአናቷ በላይ ያዝኳት፤ አውራ ጣቴ በአንዱ ጉንጯ፣ ሌባ ጣቴ በሌላው። አፍንጫዋ ወደ ጣሪያ ቀና ሲል የታችኛው መንጋጋዋ በራሱ ላላ ይላል። ክኒኑን በቀኝ እጄ እንደያዝኩ፣ በመሃል ጣቴ የታች የፊት ጥርሶቿን ጫን አድርጌ ምላሷ መጨረሻ ላይ፣ መሃል ለመሃል ጣልኩት። ወደ ጎን ካረፈ ትተፋዋለች። አፏን ዘግቼ ጉሮሮዋን ዳበስኩ። አፍንጫዋን ላስ አደረገች፤ የመዋጧ ምልክት ይሄ ነው።

ለሐኪሟ ደውዬ ጀብዴን ስተርክ «ውኃስ አስከተልሽ?» አለችኝ። ዝም አልኩ። ለካ ደረቅ ክኒን የድመት የምግብ ቧንቧ ላይ ተጣብቆ ሊቀር ይችላል። በተለይ ዶክሲሳይክሊን እዚያ ሲሟሟ ያቆስላል፤ ቁስሉም ሲድን ቧንቧውን ሊያጠበው ይችላል። እኔ የምፈራው ንክሻዋን ነበር!

ከዚያ ቀን ጀምሮ ከክኒኑ ቀጥሎ መርፌ በሌለው ሲሪንጅ ከ5 እስከ 6 ሚሊ ሊትር ውኃ አስከትላለሁ። ጫፉን ከክራንቻ ጥርሷ ኋላ፣ በጉንጯ በኩል አስገብቼ ጠብ ጠብ፤ እስክትውጥ እጠብቃለሁ። ውኃ ሲሰጥ ጭንቅላቷ ቀና አይልም፤ አንጋጣ ከተጨመቀባት ወደ ሳንባዋ ሊገባ ይችላል። ሽሮፕም እንዲሁ ነው። ወተት ይሻላታል ብዬ አስቤ ነበር፤ ካልሲየሙ ግን ዶክሲሳይክሊንን ይዞ በደንብ ወደ ደም እንዳይገባ ያደርገዋል።

አንድ ቀን ክኒኑ ምላሷ ላይ ሟሟባትና አፏ አረፋ በአረፋ ሆነ። የመረዝኳት መስሎኝ እጄ ተንቀጠቀጠ፤ ምሬቱ ነበር፣ በደቂቃዎች ውስጥ ተዋት። በእውነት የሚመርዛትስ ለሰው ራስ ምታት የምንውጠው ፓራሲታሞል ነው፤ አንድ ክኒን ድመት ሊገድል ይችላል።

መድኃኒቱን ጨርሳ ከዳነች በኋላ ቤት ሳጸዳ ሶፋውን ፈቀቅ አደረግኩት። ዳር ዳሩ የሟሟ፣ አቧራና ፀጉር የተጣበቀበት ክኒን ወድቋል። የመጀመሪያው ቀን ክኒን ነው።