ሒሳቡን የከፈለው ሰው

ትናንት ማታ እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ አንድ የቆየ የብራዚል ፊልም ከፈትኩ። በ1962 የወጣ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች ነው የምጽፈው)። «ኦ ፓጋዶር ዲ ፕሮሜሳስ» ይባላል፤ «ስለት አስገቢው» እንደማለት ነው። ከዚህ በፊትም አይቼዋለሁ። የድሮ ፊልም ደግሞ የሠራተኞቹን ስም መጀመሪያ ላይ ነው የሚደረድረው፣ ማምለጫ የለም። አነበብኩት። ፕሮዲውሰር፣ ኦስዋልዶ ማሳይኒ።

ማነው ይሄ ሰውዬ?

አንድ ጊዜ ጓደኛዬ አጭር ፊልም ሲሠራ ለሦስት ቀን «ፕሮዲውሰር» ነበርኩ። ሥራዬ ምሳ መግዛት፣ ታክሲ መጥራትና ጄኔሬተር ያከራየንን ሰውዬ መለማመጥ ነበር። ፊልሙ የታየ ቀን ሁሉም ዳይሬክተሩን አቀፈው። እኔ ጥግ ይዤ ደረሰኝ እቆጥራለሁ። ከዚያ ወዲህ ፕሮዲውሰር የሚል ቃል ሳይ ሆዴ ይባባል።

ማሳይኒ የሳኦ ፓውሎ ሰው ነው። በ1949 ሲኔዲስትሪ የሚባል ድርጅት አቋቋመ። መጀመሪያ ላይ ጥበብ ምናምን የለም፣ ንግድ ነው። ሌሎች የሠሩትን ፊልም፣ በተለይ ዘፈን የበዛባቸውን የሪዮ ኮሜዲዎች፣ ለሲኒማ ቤቶች ማከፋፈል። የፊልም ነጋዴዎቹ ሰፈር ሩዋ ዶ ትሪዩንፎ የሚባል መንገድ ነበር፣ ሉዝ ባቡር ጣቢያ አጠገብ። ያኔ ፊልም በቆርቆሮ ታሽጎ በባቡር ወደ ክፍለ ሀገር ስለሚላክ አከፋፋዮቹ ለጣቢያው ተጠግተው ሰፈሩ። አካባቢው «ቦካ ዶ ሊሾ» ይባላል፣ የቆሻሻ አፍ። ሴተኛ አዳሪው፣ ሌባውና የፊልም ነጋዴው ጉርብትና ነበራቸው።

በ1957 መልከ መልካሙ ተዋናይ አንሴልሞ ዱዋርቴ የመጀመሪያ ፊልሙን ዳይሬክት ሲያደርግ ፕሮዲውሰሩ ማሳይኒ ነበር። የስልክ ማውጫ በቃሉ ሸምድዶ ቴሌቪዥን ላይ ስለሚወዳደር የማተሚያ ቤት ሠራተኛ ነው ታሪኩ። የሚያስቅ ነገር።

ከአምስት ዓመት በኋላ እነዚሁ ሁለት ሰዎች የዲያስ ጎሜስን ቲያትር ይዘው መጡ። አንድ ገበሬ አህያው ትታመምበታለች። ብትድን ትልቅ መስቀል ተሸክሞ ሳልቫዶር ከተማ ሳንታ ባርባራ ቤተ ክርስቲያን ድረስ ሊሄድ ይሳላል። ትድናለች፣ ይሄዳል። ስለቱን የተሳለው ግን ከአፍሪካ የመጣ ሥር ባለው የካንዶምብሌ እምነት አምልኮ ቤት፣ ኢያንሳን ለምትባል መንፈስ ነው። ለእሱ ኢያንሳንና ቅድስቷ ሳንታ ባርባራ አንድ ናቸው። ቄሱ ይሄን ሲሰሙ በሩን ይዘጉበታል። ስለት ምን እንደሆነ ለእኛ ማስረዳት አያስፈልግም፤ የኔ እናት ብታየው ከገበሬው ጎን ትቆም ነበር።

ይሄ ፊልም በዚያው ዓመት ፈረንሳይ አገር በካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ እነ አንቶኒዮኒና ቡኑኤልን የመሳሰሉ ዝነኛ ዳይሬክተሮች ያሉበትን ውድድር አሸንፎ ዋናውን ሽልማት፣ ወርቃማውን ፓልም፣ ወሰደ። እስካሁን ሌላ የብራዚል ፊልም አልደገመውም። አገር ቤት «ሲኔማ ኖቮ» (አዲስ ሲኒማ) የሚባለው እንቅስቃሴ ወጣት ፊልም ሠሪዎች አሮጌ አሠራር ነው ብለው አጣጣሉት፣ ዱዋርቴም ዕድሜ ልኩን ቅር እንዳለው ኖረ።

ማሳይኒ ወደ ሥራው ተመለሰ። በ1964 ስለ ሽፍታው ላምፒያኦ፣ በ1972 ደግሞ ስለ ብራዚል ነፃነት ፊልም አወጣ። ሁለተኛውን ሦስት ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው አየው፤ የወታደራዊው መንግሥት ፕሬዚዳንት ሜዲቺም አሞገሱት። እዚህ ላይ ቅር አለኝ። ቄስ ደሃ ላይ በር ሲዘጋ ያሳየ ሰው የጄኔራል ሙገሳ ምን ያደርግለታል? ግን እሱ ትኬት ሻጭ ነበር፣ ሁለቱንም ፊልም የመረጠው ያው ዓይን ነው። በ1994 ሞተ። ልጁ አኒባል ሙያውን ወርሶ በ2004 ስለ ፔሌ ዘጋቢ ፊልም ሠራ።

መጨረሻው ላይ ሕዝቡ ገበሬውን በገዛ መስቀሉ ላይ አጋድሞ በሩን ጥሶ ይገባል። መጀመሪያ ያየሁት ጊዜ አልቅሻለሁ። ትናንት ግን ፊልሙን አቁሜ ደረጃው ላይ ያለውን ሰው መቁጠር ጀመርኩ። መቶ ላይ ስደርስ ተምታታብኝ። ያ ሁሉ ሰው ያን ቀን ምሳ በልቷል።