በራሷ የምትስቅ ተዋናይ

የደቡብ ኮሪያዋን ተዋናይ ሙን ሶሪን የተዋወቅኳት ከኋላ ወደ ፊት ነው። እ.ኤ.አ. በ2025 ኔትፍሊክስ ላይ የወጣውን፣ ታሪኩ በኮሪያዋ ጄጁ ደሴት የሆነውን ድራማ ከእህቴ ጋር እያየን ነበር። ዘፋኟ አይዩ የምትጫወታት ኤ ሱን ዕድሜዋ ሲገፋ ሙን ሶሪ ትረከባታለች። እህቴ በሶፍት ላይ ሶፍት እየመዘዘች ታለቅሳለች። እኔ ደግሞ «ይቺ ሴትዮ ከዚህ በፊት ምን ሠርታለች?» ብዬ ስልኬን መጎርጎር ያዝኩ። ከዚያ ወዲህ ፊልሞቿን እየፈለግኩ ማየት ሆኗል ሥራዬ።

ቡሳን ውስጥ በ1974 (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ነው የተወለደችው። ዳይሬክተሩ ሊ ቻንግ ዶንግ «ፔፐርሚንት ካንዲ» የተባለ ፊልሙ ላይ አሠራት። በ2002 ደግሞ «ኦኤሲስ» ላይ ሴሬብራል ፓልሲ (እንቅስቃሴን የሚያውክ የአንጎል ጉዳት) ያለባትን ሴት እንድትጫወት ሰጣት። ፊልሙ ያስጨንቃል። አንዲት ቃል ለማውጣት ስትታገል የቆየችው ሴት፣ ባቡር ውስጥ ድንገት ከተሽከርካሪ ወንበሯ ብድግ ትልና የምትወደውን ሰውዬ በባዶ የፕላስቲክ ጠርሙስ አናቱን ቧ ታደርገዋለች። የልቧ ምኞት ነው እንጂ እውነት አይደለም። መልሶ ወንበሯ ላይ ስናያት ሆድ ይበላል። በዚህ ሥራዋ ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ለአዲስ ተዋንያን የሚሰጠውን ሽልማት ወሰደች።

እንዲህ ያለች ተዋናይ ሥራ የሚጠፋባት አይመስልም አይደል? አርባን ስትጠጋ ግን ሥራ ጠፋባትና ተማሪ ሆነች። ቹንግ አንግ ዩኒቨርሲቲ ገብታ በድኅረ ምረቃ ፊልም ተማረች። እዚያ ሳለች የሠራቻቸውን ሦስት አጫጭር ፊልሞች ገጣጥማ በ2017 አንድ ፊልም አድርጋ አወጣች፤ «ዘ ረኒንግ አክትረስ» ይባላል። 71 ደቂቃ ብቻ ነው። ጸሐፊዋ እሷ፣ ዳይሬክተሯ እሷ፣ የዋና ገጸ ባሕርይዋም ስም ሙን ሶሪ!

አስቂኝ ነው፤ ሳቁ ግን ይቆረቁራል። መጀመሪያ ላይ ተራራ ልትወጣ ሄዳ ከፊልም ሰዎች ጋር ትገጣጠማለች። መጠጥ ሲገባ የወንዶቹ ምላስ ይረዝማል፤ ስለ መልኳ ፊት ለፊቷ ያወራሉ። እሷ ፈገግ ብላ ትቀመጣለች። ያቺን ፈገግታ የማታውቅ ሴት ያለች አይመስለኝም።

ከሁሉ የሳቅኩት የጥርስ ሐኪሙ ጋ ነው። እናቷ ጥርስ ልታስተክል ነው፤ ቅናሽ እንዲደረግላት ልጅቷ መጥታ ከሐኪሙ ጋር ፎቶ መነሳት አለባት። የቬኒስ ተሸላሚ ለእናቷ ጥርስ ዋጋ ማስቀነሻ ሆነች! ደግሞ እናት ናትና እምቢ አይባልም። ባንክ ብድር ፍለጋ፣ አማት ጥየቃ፣ ልጅ ማሳደግ፤ ሩጫው ይቀጥላል። ታዋቂነቷ ይሄን ሁሉ አላቀለለላትም፤ እንዲያውም ሥራ ጨመረላት።

ሦስተኛው ክፍል ለቅሶ ቤት ነው። የሞተው ዳይሬክተር ነው፤ ለቀስተኛው ግን ጥቂት። ሰውዬው እውነተኛ አርቲስት ነበር ወይስ አልነበረም እያሉ እዚያው ይጨቃጨቃሉ። ብዙ ሰው ሁለተኛውን ክፍል ይወደው ይሆናል። እኔ ይሄን አስበልጣለሁ። እዚህ ላይ ቀልዱ ከእሷ ወጥቶ ወደ ሙያው ይሄዳል፤ ለሙያው ያላት ፍቅርም እዚህ ነው የሚታየው።

ምሬቷን በቃለ መጠይቅ ማውራት ትችል ነበር። በዚያ ቢሆን ሁለት ቀን ወሬ ሆኖ ይረሳ ነበር። እሷ ግን ሥራ አጣሁ ብላ ከማዘን፣ ሥራ ያጣችውን ሙን ሶሪን ራሱን ሥራ አደረገችው። በዚያ ላይ እዘኑልኝ አላለችም። ፊልሙ ውስጥ ያለችው ሙን ሶሪ ትነጫነጫለች፣ ትጠጣለች፣ ትኮራለች፣ አንዳንዴ ታስጠላለች። ራስን እንዲህ አድርጎ ለመሣል ድፍረት ይጠይቃል።

ቀጥሎ «ሃሃሃ» ላይ ነኝ፤ የዳይሬክተር ሆንግ ሳንግ ሱ ፊልም ነው። እዚያ ላይ ቶንግዮንግ ከተማ ውስጥ አስጎብኚ ናት አሉ። እህቴን አብረን እንይ ብላት «የሚያስለቅስ ከሆነ ጥሪኝ» አለችኝ።