«ሟች ደንበኛ አይደለችም»

በፎቶ ቤት ሥራ እንደ ሟች ፎቶ የሚከብደኝ የለም። የሠርጉም፣ የምረቃውም፣ የፓስፖርቱም ባለቤት ተመልሶ መጥቶ «ይህ እኔን አይመስልም» ሊለኝ ይችላል። ሟች አይመጣም። የሚመጣው ከቀበሌ መታወቂያ ላይ የተላጠ፣ ማኅተሙ ግማሽ አገጩን የሸፈነው አንድ ጉርድ ፎቶ ነው። ቤተሰቡ ለአርባው ወይም ለሙት ዓመቱ «አሳድጉልን» ይላል። ያን ትንሽ ፊት ግድግዳ ላይ የሚሰቀል ስታደርገው የጎደለውን የምትሞላው አንተ ነህ፤ ቅንድቡን፣ የከንፈሩን ጠርዝ፣ የዓይኑን ጥቁር ከነጩ የሚለየውን መስመር ሁሉ። አንተ የሞላኸው ፊት ከዚያ ቀን ጀምሮ የሟቹ ፊት ይሆናል። ገና ያልተወለዱ የልጅ ልጆች አያታቸውን የሚያውቁት በእሱ ነው።

ለሕያዋን ሕግ አለ። የዲቪ ፎቶ 600 በ600 ፒክስል ይሆናል፤ ጭንቅላቱ ከፎቶው ቁመት ከ50 እስከ 69 በመቶ ይይዛል፤ እ.ኤ.አ. ከ2016 መጨረሻ ወዲህ መነጽር አይፈቀድም፤ ፊቱን ነካክተህ ከተገኘህ ያመልካቹ ዕድል ይበላሻል። ስለዚህ ማንም አይነካውም። የሟች ፊት ግን እንዲህ ያለ ጠባቂ የለውም።

ነገሩ የሆነው ፒያሳ ሳይፈርስ፣ ተቀጥሬ እሠራበት በነበረ ፎቶ ቤት ነው። ቤቱ አንድ ልማድ ነበረው፦ የሴት ፊት ሁሉ ሳይጠየቅ ይፈካል። ባለቤቱ ጋሼ ለዚህ የሚሆን አንድ ትእዛዝ ኮምፒውተሮቹ ላይ አዘጋጅቶ ነበር፤ አንድ ቁልፍ ስትጫን ጠይሟም ጥቁሯም እኩል የቀይ ዳማ ትሆናለች። የምረቃ ወቅት ሲደርስ ጋዋን የለበሱ ልጃገረዶች የራሳቸው ያልሆነ ፊት በክፈፍ ይዘው ሲወጡ ሳይ ይቆጨኝ ነበር። አንዳንዶቹ ደስ ብሏቸው ይወጣሉ። አንዳንዶቹ ፎቶውን ትንሽ ራቅ አድርገው ይይዙትና ዝም ይላሉ። እኔ የማልረሳው እነዚህን ዝም ያሉትን ነው።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሁለት እህትማማቾች መጡ። ታላቂቱ ስድሳ ዓመት የሚጠጋት፣ ገና ከል ያላወለቀች፣ ጠይም ሴት ናት። ታናሿ ለእናታቸው ሙት ዓመት ከዋሽንግተን የመጣች፣ ቀይ፣ ቀጠን ያለች። አብረው ባይገቡ እህትማማቾች ናቸው ብዬ አልገምትም ነበር። የእናታቸውን ጉርድ ከመሐረብ ውስጥ ፈትታ የሰጠችኝ ታላቂቱ ናት። ግንባሯ ላይ የመስቀል ንቅሳት ያላት፣ ነጭ ነጠላ ያጣፋች፣ ነጭ ግድግዳ ፊት የተቀመጠች ሴት። ፊቷ ከንቅሳቱ ጋር እስኪመሳሰል ጠቁሮ ወጥቷል።

«እማዬ እንዲህ ጥቁር አልነበረችም» አለች ታናሿ ገና ሳልቀበል።

እውነቷን ነው። ካሜራ የሚለካው ብርሃንን እንጂ ሰውን አይደለም። ነጭ ለብሳ ነጭ ግድግዳ ፊት የተቀመጠችን ጠይም ሴት ሲያይ ብርሃኑ በዝቷል ብሎ ሁሉንም ያጨልማል፤ ነጠላው ግራጫ ይሆናል፣ ፊቱ ደግሞ ጭርሱን ይጠፋል። ያነሳው ሰው ይህን አውቆ ብርሃን ካልጨመረ በቀር በጥምቀት፣ በሠርግ፣ በክርስትና ነጭ ለብሰው የተነሱ እናቶቻችን ፎቶ ሁሉ እንዲህ ነው። በፊልም ዘመን ችግሩ የባሰ ነበር። ኮዳክ ለፊልም ማጠቢያ ቤቶች በሚልከው የቀለም ማመሳከሪያ ካርድ ላይ ለብዙ ዓመታት የነበረችው ነጭ ሴት ናት፤ ሙያተኞቹ «ሸርሊ» ይሏታል። የእሷ ቆዳ ካማረ ቀለሙ ልክ ነው ተብሎ ይታተማል። ኩባንያው ቡናማና ጥቁር ቀለሞችን ለይቶ የሚያሳይ ፊልም እንዲሠራ ከገፋፉት ነገሮች አንዱ የቸኮሌትና የቤት ዕቃ አምራቾች «ምርታችን በፎቶ አይለይም» ብለው ያሰሙት ቅሬታ ነው። ቸኮሌቱ ሲደበዝዝ ጩኸት ተሰማ፤ የሰው ፊት ሲጠፋ ግን ለዓመታት ችግሩ የቆዳው እንጂ የፊልሙ አይመስልም ነበር። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ያመኛል፤ ምክንያቱም ፎቶ ቤት ገብቶ «ፈካ አድርገኝ» የሚለው ሰው የሚፈልገው ቀለም መቀየር ብቻ ሳይሆን መታየትም ሊሆን ይችላል።

እናም ስካን አድርጌ የተበላውን ብርሃን መመለስ ጀመርኩ። ነጠላው ነጭ እስኪሆን ድረስ ስገፋው ፊቱም አብሮ ብቅ አለ። ጉንጩ ተለየ፣ የዓይኗ ሥር እጥፋት ታየ፣ ንቅሳቱ አረንጓዴነቱ መጣ። ታላቂቱ «እሰይ፣ መጣች» አለች። እኔም እዚያው ላቆም ነበር።

«ትንሽ ጨምርላት፣ ወንድሜ» አለች ታናሿ።

«አሁን ያለው ልኩ ይመስለኛል።»

«ትንሽ ብቻ።»

ታላቂቱ እጇን ከነጠላዋ ውስጥ አውጥታ ክንዷን ስክሪኑ ላይ፣ ከእናቷ ጉንጭ አጠገብ አስጠጋችው። «ይኸው ቀለሟ። እዚሁ ላይ አቁም፣ ልጄ» አለችኝ። ልክ ነበረች፤ ክንዱና ጉንጩ የት እንደሚለያዩ አይታወቅም። ታናሿ ያንን ካየች በኋላ የሹራቧን እጅጌ ሰብስባ የራሷን ክንድ በሌላው በኩል አስጠጋች። ሁለቱ ክንዶች መካከል የእናታቸው ፊት ቆመ። ማንም አልተናገረም።

«ንቅሳቱንም አጥፋው» አለች ቆይታ።

ይህን ጊዜ ታላቂቱ ወደ እህቷ ዞረች። ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። «አባባን አንቺ ወሰድሽ። እማዬን ለእኔ ተዪልኝ።»

ታናሿ የመለሰችውን እስካሁን አስታውሰዋለሁ። «አንቺን ማንም ጠይቆሽ አያውቅም» አለች። «እኔን ገበያ ይዛኝ ስትሄድ ሰው ሁሉ ‹ይህች የማን ልጅ ናት?› ይላታል። ‹የእኔ ናት› ስትል ይስቃሉ። ትምህርት ቤት ልትወስደኝ ስትመጣ ዘበኛው ሠራተኛችን መስላው ‹እናቷ ትምጣ› ብሏታል። እዚያው በር ላይ ቆሜ ሰምቻለሁ። እማዬም ሰምታ ምንም አላለችም።» ከዚያ ስልኳን አወጣች፣ የራሷን ፎቶ ከፈተች፣ ስክሪኑ ላይ ደግፋ ያዘችው። ወደ እኔ ዞራ «ትንሽ ብትፈካ አንመሳሰልም?» አለችኝ።

ፊት እንዳፈካ በየቀኑ እጠየቃለሁ። ለሙሽራው እንድታምር፣ ለሥራ ማመልከቻው እንዲያምር፣ አክስት እንዳትተች። ከእናቷ እንድትወለድ ብላ የጠየቀችኝ ግን ያች ሴት ብቻ ናት። ጥያቄው ስህተት እንደሆነ ያኔም አምን ነበር፣ ዛሬም አምናለሁ። ቢሆንም ያንን የትምህርት ቤት ዘበኛ ፊት ለፊት ባገኘው የምለውን አውቃለሁ።

የቆዳ ቀለም በአንድ ነገር ብቻ የሚወረስ አይደለም፤ ብዙ ዘረ መሎች እየተደራረቡ የሚሠሩት ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 ሳይንስ በተሰኘው መጽሔት የወጣ ጥናት የኢትዮጵያ፣ የታንዛኒያና የቦትስዋና ሰዎችን ቆዳ ለክቶ፣ የሚያፈካውም የሚያጠቁረውም የዘረ መል ዓይነት በዚሁ በአፍሪካ ውስጥ ጎን ለጎን እንደሚኖር አሳይቷል። ጎን ለጎን ማለት በአንድ ቤትም ውስጥ ማለት ነው፤ ከአንድ እናትና አባት ቀይም ጥቁርም መወለዱን ለማወቅ ሰፈራችንን ማየት ይበቃል። የገበያው ሰውም ያውቀዋል። እያወቀ ግን ይስቃል።

እኔ ደግሞ በሥራዬ የማውቀው ሌላ ነገር ነበር። መልክ የሚመሳሰለው በቀለም አይደለም፤ በርቀት ነው። በሁለት ዓይኖች መካከል ያለው፣ ከአፍንጫ ሥር እስከ ላይኛው ከንፈር ያለው፣ ቅንድብ ከዓይን ቆብ የሚርቅበት ልክ። የሽበትና የመጨማደድ ዓመታት ሲያልፉበት እንኳ አጥንቱ ያን ያህል ቦታውን አይለቅም። የታናሿን ፎቶ በስልኳ ላከችልኝ። ሁለቱንም ቀለም አልባ አደረግኳቸው፣ ዓይኖቻቸው በአንድ መስመር እንዲውሉ መጠናቸውን አስተካከልኩ፣ ጎን ለጎን አቆምኳቸው። የዓይኑ ቆብ እጥፋት አንድ ነው። የላይኛው ከንፈር መሐሉ ላይ ዝቅ የሚልበት አንድ ነው። የጆሮው ታችኛ ጫፍ እንኳ ከጉንጩ ጋር የሚገናኝበት መንገድ ያው ነው። ታናሿ ቁርጥ እናቷ ነበረች።

ታላቂቱ ከኋላዬ ቆማ «በስመ አብ!» አለች። የእሷንም ፎቶ ባስተያይ ያን ያህል እንደማላገኝ አጠገቤ ስላለች አይቼዋለሁ፤ አገጯና አፏ የሌላ ሰው ነው፣ ምናልባት የአባትየው። ይህን አልተነፈስኩም። ዕድሜዋን ሙሉ «እናቷን መሳይ» ተብላ የኖረችን ሴት በፒክስል ልቀማት መብቱ የለኝም።

ታናሿ ጎንበስ ብላ ለረጅም ጊዜ አየች። ዓይኗ እንባ አቀረረ። አሁን ትስማማለች ብዬ ስጠብቅ ቀና አለችና «አንተ ታያለህ» አለችኝ። «ለዝክሩ የሚመጣ ሰው ይህን አያይም። እንደነገርኩህ አድርግልኝ።»

መልስ አልነበረኝም። ዛሬም የለኝም። ስለ አጥንትና ስለ ርቀት የነገርኳት ሁሉ እውነት ነው፤ ሰው በር ላይ ሲገባ መጀመሪያ የሚያየው ቀለም መሆኑም እውነት ነው።

ያን ጊዜ ጋሼ ከጓዳ ወጣ። ነገሩን ሰምቶ ኖሮ ትከሻዬን ያዝ አድርጎ፣ ሁለቱ እህትማማቾች እየሰሙ «ልጄ፣ ሟች ደንበኛ አይደለችም። ከፋዩ ነው ደንበኛ» አለኝ። ከዚያ ወንበሬ ላይ ተቀምጦ ያችን ቁልፍ ተጫነ። እናትየው የቀይ ዳማ ሆነች። ንቅሳቱንም በሁለት ጠቅታ ጠረገው። ሥራው ንጹሕ ነበር፤ በዚህ አልዋሽም፣ እጁ ከእኔ ይሻላል። ግንባሩ ላይ መስቀል እንደነበረ የሚያሳይ ጥላ እንኳ አልቀረም። ታላቂቱ ነጠላዋን አጣፍታ ውጭ ወጥታ ቆመች።

ጋሼን ብዙ ነገር አስተምሮኛልና አከብረዋለሁ። ያ አነጋገሩ ግን አልወጣልኝም። ሟች ደንበኛ ካልሆነች ለማን ነው የምንሠራው? ያ መስቀል በልጅነቷ በመርፌ ሲወጋ የተሰማት እሷ ናት። ያን ግንባር ይዛ ልጆች ወልዳለች፣ አሳድጋለች፣ በትምህርት ቤት በር ላይ ተሰድባ ዝም ብላለች። ከፋዩ የከፈለው ለወረቀቱና ለክፈፉ ነው፤ ግንባሩን ሊገዛው አይችልም።

በማግስቱ ታላቂቱ ብቻዋን መጣች። ብርሃኑን ብቻ የመለስኩበትን፣ ንቅሳቱ ያለበትን ፎቶ ሳላጠፋ አስቀምጬው ነበርና በትንሽ መጠን አትሜ ሰጠኋት። ገንዘብ አልተቀበልኳትም። በእህቷ የተቀየመች መስሎኝ ላጽናናት ስሞክር አቋረጠችኝ። «የፈለገችውን ትስቀል» አለች። «ከአሜሪካ ስትደውል በቪዲዮ ካልሆነ አላወራም ትለኛለች። እኔን ለማየት ይመስልሃል?» ፎቶውን በመሐረቧ ጠቅልላ ሄደች። በዝክሩ ቀን ግድግዳው ላይ የዋለው የትኛው እንደሆነ አልሰማሁም።

አሁን የራሴ አነስተኛ ፎቶ ቤት አለኝ። ያች ቁልፍ እኔ ዘንድ የለችም። ሕያው ሰው ራሱ ቆሞ ከጠየቀኝ ፊቱን አፈካለታለሁ፤ ፊቱ የራሱ ነው፣ ነገ ቢጸጸት ተመልሶ ያስቀይረዋል። የሟች ፎቶ ሲሆን ግን ብርሃን እመልሳለሁ፣ ቀለም አልቀይርም። ከቤተሰቡም ቢያንስ ሁለት ሰው እንዲመጣ እጠይቃለሁ። ብዙዎች ይቆጣሉ። ከጋሼ ቤት የማይከለከሉት ነገር እኔ ጋ ለምን እንደሚከለከል አይገባቸውም።

በቅርቡ አንድ ሰው የአባቱን ፎቶ ይዞ መጥቶ የፈንጣጣውን ጠባሳ እንዳጠፋለት ጠየቀኝ። በአገራችን የመጨረሻው የፈንጣጣ ሕመምተኛ የታየው እ.ኤ.አ. በ1976 ስለሆነ እንዲህ ያለ ፊት ዛሬ የሚገኘው በአዛውንቶችና በሟቾች ፎቶ ላይ ብቻ ነው። «ልጆቼ ይፈሩታል» አለኝ። ልጆቹ አያታቸው ከዚያ በሽታ ተርፎ ባይሆን ኖሮ እነሱም እንደማይኖሩ ብትነግራቸው ምናልባት አይፈሩትም አልኩት። ወንድም ወይም እህት ካለው ይዞ እንዲመጣም ነገርኩት። ጊዜ የለኝም ብሎ ፎቶውን ከጠረጴዛው ላይ አነሳና ጋሼ ወደ አዲስ ቦታ ያዛወረው ፎቶ ቤት የት እንደሆነ ጠየቀኝ። አድራሻውን ነገርኩት።