ያልተከፈለ የአባት ውለታ

ሰሞኑን የአየርላንዳዊውን የተውኔትና የፊልም ጸሐፊ የሂዩ ሌናርድን የልጅነት ትዝታ፣ «ሆም ቢፎር ናይት» የተባለውን መጽሐፍ፣ አንብቤ ጨረስኩ። ሰውየው ከሐሳቤ አልወጣ ስላለኝ፣ ስለ ሕይወቱና ስለ ሥራው የተሰማኝን ሳይደበዝዝብኝ እዚህ ላስፍረው። መጽሐፉ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1979 ነው (ሌሎቹንም ዓመታት በዚሁ አቆጣጠር እጽፋለሁ)። ያን ጊዜ ሌናርድ ሃምሳውን ያለፈ፣ በመድረክም በቴሌቪዥንም ስሙ የተጠራ ሰው ነበር።

የተወለደው በ1926 ደብሊን ውስጥ ሲሆን፣ ወላጅ እናቱ ለማደጎ ስለሰጠችው ከደብሊን በስተደቡብ በባሕር ዳር በምትገኘው በዳልኪ ከተማ አደገ። አሳዳጊ አባቱ ኒኮላስ ኪይስ በባለጠጎች ግቢ አትክልተኛ ሆኖ የሚሠራ ድሃ ሰው ነበር። ልጁ የአሳዳጊዎቹን ስም ከትውልድ ስሙ ጋር አጣምሮ ጆን ኪይስ ባይርን ተባለ። ሂዩ ሌናርድ የሚለው የብዕር ስሙ ነው፤ የመጣበትም መንገድ የሰውየውን እልኸኝነት ያሳያል። የደብሊኑ አቢ ቴአትር አንድ ተውኔቱን ሳይቀበለው ሲቀር፣ እዚያው ተውኔት ውስጥ ካለ ገጸ ባሕርይ ስሙን ወስዶ ቀጣዩን ድርሰት በዚያ ስም አስገባ። ይህኛው ተቀባይነት አግኝቶ በ1956 ለመድረክ በቃ፤ ስሙም በዚያው ጸና።

ከ1945 ጀምሮ ለ14 ዓመታት የመንግሥት መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ነበር። የሠራበት የመሬት ኮሚሽን ከባለ ርስቶች መሬት እየገዛ ለገበሬዎች የሚያከፋፍል ተቋም ነበር። ቀን ፋይል ሲያገላብጥ ውሎ ማታ ማታ ተውኔት እየጻፈ ቆየና፣ በ1959 ሥራውን ለቆ በብዕሩ ለማደር ቆረጠ።

ከዚያ በኋላ በእንግሊዝ፣ መጀመሪያ ማንቸስተር በግራናዳ ቴሌቪዥን፣ ቀጥሎም ለንደን ተቀምጦ የጻፈው ብዛት ያስደንቃል። አብዛኛው የሌሎች ደራስያን ልቦለድ ወደ ስክሪን የተመለሰበት ነው። እኔን ይበልጥ የሳቡኝ ግን ሁለት ሥራዎቹ ናቸው። በ1966፣ አየርላንዳውያን በብሪታንያ አገዛዝ ላይ ያነሡት የ1916ቱ የፋሲካ አመፅ ሃምሳኛ ዓመት ሲከበር ለአየርላንድ ቴሌቪዥን በጻፈው ተከታታይ ድራማ፣ ያ አመፅ በተነሣበት ዘመን ቴሌቪዥን የነበረ ይመስል ውጊያውን በዜና ዘገባ መልክ አቀረበው። በ1967 ዓለም አቀፉን የሬዲዮና የቴሌቪዥን ሽልማት፣ ፕሪ ኢታሊያን፣ ያስገኘለት «ሳይለንት ሶንግ» ደግሞ፣ ከፍራንክ ኦኮነር አጭር ልቦለድ ተነሥቶ፣ ላለመናገር ቃል በገቡ መነኮሳት መካከል የሚካሄድ ታሪክ ነው። በቃለ ምልልስ ችሎታው የታወቀ ጸሐፊ ንግግር በሌለበት ገዳም ድራማ ማዋቀር መቻሉ፣ የስክሪን ጽሑፍን ጥበብ ምን ያህል ጠንቅቆ እንደሚያውቅ ይመሰክርለታል።

ይህ ሁሉ ሆኖ፣ ትልቁ ሥራው ወደ አሳዳጊ አባቱ ፊቱን ሲመልስ የጻፈው «ዳ» ነው፤ ልጅ አባቱን የሚጠራበት የደብሊን አጠራር ነው ርእሱ። ተውኔቱ በ1973 መጀመሪያ በአሜሪካ፣ በሜሪላንድ፣ ቀጥሎም በደብሊን ታየ፤ በ1978 በኒው ዮርኩ የቴአትር ሰፈር በብሮድዌይ የዓመቱ ምርጥ ተውኔት ተብሎ የአሜሪካ ቴአትር ታላቅ ክብር የሆነውን የቶኒ ሽልማት ተቀበለ። ቻርሊ የተባለው ጸሐፊ ከለንደን መጥቶ አባቱን ቀብሮ፣ ባዶው ቤት ውስጥ የሟቹን ወረቀቶች ሲያቃጥል፣ ሟቹ ራሱ እንደ ወትሮው ገብቶ ይቀመጣል። ቻርሊ ቢለምነውም ቢቆጣውም አይሄድለትም። የልጅነት ዘመኑ ራሱም ወጣት ሆኖ መጥቶ ይከራከረዋል።

ደጋግሜ ያነበብኩት ክፍል የገንዘቡ ነገር ነው። ቻርሊ ለዓመታት ለአባቱ ገንዘብ ሲልክ የኖረው፣ ሽማግሌው እንዲጠቀምበትና እሱም የአሳዳጊዎቹ ውለታ ከላዩ እንዲወርድለት ነበር። ሰውየው ከሞተ በኋላ ግን ቻርሊ አንድ ፖስታ ይቀበላል። የላከው ገንዘብ ሳይነካ ተጠራቅሞ ለእሱው ተመልሷል። ቻርሊ ይቆጣል፤ ቁጣውም ይገባኛል፤ ሊከፍል የፈለገው ሁሉ ተመልሶ እጁ ገብቷልና። ከውጭ አገር ሆኖ ለወላጆቹ ገንዘብ የሚልክ የእኛ ሰው ይህን ትዕይንት አስረጂ ሳያስፈልገው የሚረዳው ይመስለኛል፤ እኔም ከነዚያ ላኪዎች አንዱ ነኝና መጽሐፉን አጥፌ ጥቂት ተቀመጥኩ።

ሌናርድ ይህንኑ አባት በሦስት መልክ ጽፎታል፦ በተውኔት፣ በትዝታ መጽሐፍ፣ እንዲሁም ራሱ በጻፈው የ1988 ፊልም። በፊልሙ ማርቲን ሺን ቻርሊን፣ ባርናርድ ሂዩዝ አባትየውን ሆነው ተጫውተዋል። መጽሐፉ ሞትን የዕድሜ ልክ ሥራዋ ካደረገች አያት ጀምሮ ሰፈሩን ሁሉ ያሳያል፤ በሳቅ የተሞላም ነው። ፊልሙ የዳልኪን መንገዶች አሳይቶናል። በእኔ ሚዛን ግን ተውኔቱ ይበልጣል፤ ምክንያቱም ሙቱና ሕያው፣ ወጣቱና ጎልማሳው በአንድ ማድ ቤት ውስጥ ፊት ለፊት የሚነጋገሩት እዚያ ነው። ትዝታ ጸሐፊ ስላለፈው ይተርካል፤ በመድረኩ ላይ ያለፈው ራሱ ለራሱ ጥብቅና ይቆማል።

ሌናርድ በ1970 ወደ አየርላንድ ተመልሶ፣ በ2009 በ82 ዓመቱ እስኪሞት ድረስ ኑሮውን ዳልኪ አደረገ። በሰዎች ላይ ብዕሩ መራራ ነው ይባላል፤ እኔ የማየው ግን ሌላ ነው። «ዳ» ውስጥ ቻርሊን የሚቀጥረው ድረም የሚባል ደረቅና ኩሩ የቢሮ አለቃ አለ። ሌላ ጸሐፊ ቢሆን አሥቆበት ይተወው ነበር። ሌናርድ ግን ተመልሶ በ1979 ለዚያ ሰው ብቻ «ኤ ላይፍ» የተባለ ሙሉ ተውኔት ጻፈለት፤ የመሞቻው ጊዜ መቃረቡን ሲያውቅ የኖረበትን ዕድሜ ሲመረምርና ከተቀየማቸው ወዳጆቹ ጋር ለመታረቅ ሲሞክር እናየዋለን። የ1989ኙን ሁለተኛ የትዝታ መጽሐፉን፣ «አውት አፍተር ዳርክ»ን፣ አሁን ጀምሬዋለሁ፤ እነዚያን የመሥሪያ ቤት ዓመታት በራሱ አንደበት እንዴት እንደሚያቀርባቸው ለማየት ጓጉቻለሁ።