ዓይኔን ሰበር ባደርግ ተጠረጠርኩ

ሰሞኑን አንዲት አብሮ አደጌ በቴሌግራም የድምፅ መልእክት ላከችልኝ። ለነርስነት አውስቢልዱንግ፣ ማለት እየሠሩ ለሚማሩት የሙያ ሥልጠና፣ ጀርመን ለመምጣት ቋንቋ እየተማረች ነው። ስለ ደመወዙ ጠየቀችኝ፣ ስለ ብርዱ ጠየቀችኝ፣ መጨረሻ ላይ ሳቅ ብላ «እኔ ምልሽ፣ ያ ሰማያዊ ዓይናቸው በቅርብ ሲያዩት አያፈዝም?» አለች። አጠገቧ ያሉ ልጆችም ሲስቁ ይሰማል።

ያፈዛል፣ አልዋሽም። የምሠራው የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ነው። በሐምሌ ማለዳ መጋረጃ ስከፍትና ፀሐይዋ ገና የነቃች አሮጊት ፊት ላይ ስታርፍ፣ ያ ዓይን ቆሜ እንዳየው ያደርገኛል። ግን እዚያ ውስጥ ሰማያዊ ቀለም የሚባል ነገር የለም። የእኛን ዓይን የሚያጠቁረው ሜላኒን እነሱ ጋ በጣም ትንሽ ስለሆነ፣ ብርሃኑ ገብቶ ሲበተን ነው ሰማያዊ የሚመስለው። እ.ኤ.አ. በ2008 የኮፐንሃገን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እንደጻፉት፣ ሰማያዊ ዓይን ያለው ሰው ሁሉ ዘሩ ከ6,000 እስከ 10,000 ዓመት በፊት ከኖረ አንድ ሰው ይመዘዛል። በእነሱ አባባል ከዚያ በፊት ሁላችንም ባለ ቡናማ ዓይን ነበርን።

ግን እህቴ፣ የዓይናቸው ቀለም አንቺን ምንም አያደርግሽም። የሚፈትንሽ አተያያቸው ነው። የአንቺም አተያይ ነው።

እኛ በዓይን የተገራን ልጆች ነን። እናት ልጆቿን ይዛ ሰው ቤት ስትሄድ አፏን አትከፍትም። «ብሉ እንጂ ልጆቼ» ሲባል እጃችን ወደ ትሪው ከመሄዱ በፊት ዓይናችን ወደ እናታችን ይሄዳል። ቅንድቧን ከፍ ካደረገች ተፈቅዷል። ዓይኗን ጠበብ ካደረገች «ጠግበናል» እንላለን፣ ሆዳችን እየጮኸ። ቡና ላይ የተቀመጡ ሴቶች አንድ ቃል ሳይተነፍሱ በጥቅሻ ስንት ወሬ ይጨርሳሉ! ትልቅ ሰው ሲቆጣ ደግሞ ዓይን ዓይኑን ማየት ድፍረት ነው። «ምን አፍጥጠሽ ታዪኛለሽ?» እየተባልን ነው ያደግነው። አንገት መድፋት፣ ዓይን ሰበር ማድረግ የጨዋ ልጅ ወጉ ነው።

ይህን ወግ ይዤ ነው ጀርመን የገባሁት።

አንድ ቀን የአንዲት አረጋዊት የጋብቻ ቀለበት ጠፋ። ኃላፊያችን በዚያ ፈረቃ የነበርነውን በሙሉ ቢሮዋ ሰበሰበችን። ዕድሜዋ እናቴን ያክላል። ተቆጥታለች። ሁሉም ፊት ለፊት እያዩአት «እኔ አላየሁም» ይላሉ። ተራዬ ሲደርስ ዓይኔ በራሱ ጊዜ ወደ ወለሉ ወረደ። ድምፄም ዝቅ አለ።

«ስታወሪ እዪኝ!» አለችኝ። ቀና ብዬ እንደገና አቀረቀርኩ።

«ለምን አታዪኝም? የምትደብቂው ነገር አለ?»

ክፍሉ ፀጥ አለ። ሁሉም ዓይኑን እኔ ላይ ጣለ። ቋንቋው በዚያን ሰዓት ከየት ይምጣ? የምለውን አውቀዋለሁ፣ በአማርኛ ቢሆን አንድ ሰዓት አወራበታለሁ። «እኔኮ አክብሬሽ ነው» የሚል ቃል ጉሮሮዬ ላይ ቀረ። ከፊሊፒንስ የመጣች ባልደረባዬ ብቻ «ገብቶኛል» በሚል ዓይን አየችኝ። እሷም አገሯ ላይ እንደኔው ተገርታ ኖሯል።

ውሎ አድሮ ቀለበቱ ተገኘ። ሴትዮዋ ራሷ በሶፍት ጠቅልላ የመነጽሯ ማስቀመጫ ውስጥ ከታው ነበር። ኃላፊዋ «እንኳን ተገኘ» ብላ ወደ ሥራዋ ሄደች። ይቅርታ የሚባል ነገር የለም። ገንዘብ ቢጎድልብኝ እረሳዋለሁ። ይሄን ግን እስካሁን አልረሳሁትም። ሌባ ያልተባለበት ቤት ውስጥ ያደገ ሰው ስሜቱን ያውቀዋል።

ቆይቼ ሳስበው ግን የእነሱ እምነት ለእኛም ሩቅ አይደለም። ጎንደር ያደገ ሰው ደብረ ብርሃን ሥላሴ ገብቶ ሽቅብ አይቷል። ጣሪያው ላይ ከመቶ የሚበልጡ የመላእክት ፊቶች በትልልቅ ዓይኖቻቸው ቁልቁል ያዩሃል። በየትም በኩል ብትዞር ታይተሃል። የድሮ ሠዓሊዎቻችን ጻድቁን ሁለት ዓይኑን ገልጠው ፊት ለፊት ይሥሉታል። ክፉውን ደግሞ በጎን አዙረው አንድ ዓይኑን ብቻ ያሳያሉ። ዓይኑን የሚሸሽግ ሰው አያስተማምንም የሚለውን እኛም ግድግዳችን ላይ ሥለነዋል። ልዩነቱ እኛ ዓይን የሚሸሽገውን ከሚያከብረው መለየት እንችላለን። እነሱ ይህን የሚነግራቸው ሰው አላገኙም።

እነሱስ ቢሆኑ! ባቡር ውስጥ የማያውቁትን ሰው ሰላም ሳይሉ፣ ፈገግ ሳይሉ፣ ከፌርማታ እስከ ፌርማታ ያፈጥጡበታል። አያቴ ብታያቸው በቡዳ ትጠረጥራቸው ነበር። ብርጭቆ ሲያጋጩ ደግሞ ዓይን ለዓይን መተያየት ግዴታ ነው። ካልተያያችሁ ሰባት ዓመት የአልጋ ነገር አይቀናችሁም ይላሉ። ያንን ሁሉ ትምህርት የተማረ ሰው በዚህ ያምናል። አንዱ ባልደረባዬ ብርጭቆዬን እያየሁ ሳጋጭ ይዞ አስቆመኝና እንደገና አስደገመኝ። እኛም የዋህ አይደለንም። ፊት ለፊት አናፈጥም እንጂ በዓይናችን ጥግ የሰውን ጫማ፣ ቀሚስና ወርቅ ገምተን የምንጨርስ ሕዝብ ነን።

ከዚያ ኮሮና መጣ። አፍና አፍንጫ በማስክ ተሸፈነ፣ የቀረው ዓይን ብቻ ሆነ። የመርሳት ሕመም ያለባቸው አረጋውያን ተጨነቁ። ፊት የሌለው ሰው በየሰዓቱ እየገባ ይነካካቸዋል። ባልደረቦቼ ማስኩ ስር ፈገግ ይላሉ፣ ግን የብዙዎቹ ፈገግታ ከንፈር ላይ ነው የሚያልቀው። ዱሼን የተባለ ፈረንሳዊ ሐኪም ገና እ.ኤ.አ. በ1862 ጽፎታል፤ ከልብ የሆነ ፈገግታ በዓይን ዙሪያ ያለውን ጡንቻ ያንቀሳቅሳል፣ ያ ጡንቻ ደግሞ እንደ አፍ በትእዛዝ አይሠራም።

አንዲት ሴት ነበረች። ቃል ጠፍቶባታል፣ አንድ ዓይኗን ሞራ ጋርዶታል። ማንም ቢያጎርሳት አፏን አትከፍትም። እኔ ማንኪያውን ይዤ እጠብቃለሁ። መጀመሪያ ማንኪያውን ታያለች፣ ከዚያ ቀስ ብላ ወደ ዓይኔ ትመጣለች። ያኔ ቅንድቤን ከፍ አድርጌ፣ እኛ «አዎ» ስንል እንደምናደርገው ትንፋሼን ወደ ውስጥ ሳብ አደርጋለሁ። እናቴ ሰው ቤት «ብሉ» የምትልበት ዓይን ነው። አፏን ትከፍታለች። አሁንም አሁንም እያየችኝ ሳህኑን ትጨርሳለች። «እዪኝ» ብላ የጮኸችብኝ ኃላፊ በር ላይ ቆማ ታየን ነበር። ከዚያ ወዲያ አልበላ ያለ ሰው ሲኖር የምትጠራው እኔን ሆነ። በዚህ እኮራለሁ። ትምህርት ቤት ያገኘሁት ሙያ አይደለም፣ ከእናቴ ግልምጫ የወረስኩት ነው።

እ.ኤ.አ. በ1997 ኮባያሺና ኮሺማ የተባሉ ጃፓናውያን የሰውን ዓይን ከጦጣና ከዝንጀሮ ዘመዶች ዓይን ጋር አወዳድረው ነበር። የሰው ዓይን ነጩ ሰፊ ነው፣ ጎልቶ ይታያል። ስለዚህ ወዴት እንደምናይ ለሌላው ግልጽ ነው። በኋላ የመጡ ሊቃውንት ይህ ለመተባበር ጠቅሞናል ይላሉ። እኔ የዚያችን ሴት ዓይን ሳይ አምኜዋለሁ።

ደግሞ ለእረፍት አገር ቤት ስሄድ ሌላ ጣጣ ጠበቀኝ። አጎቴ ሲመክረኝ ዓይን ዓይኑን አየሁት። «ይቺ ልጅ ፈረንጅ አገር ዓይን አውጣ ሆና መጣች» አለ ለእናቴ፣ እኔው ፊት።

እና ለመምጣት የምትዘጋጁ ልጆች፣ የቢ2 የጀርመንኛ ፈተና ወረቀት ብቻውን አያድናችሁም። «በአገሬ ለትልቅ ሰው ዓይን ዝቅ ማድረግ አክብሮት ነው» የሚለውን በጀርመንኛ ከአሁኑ ሸምድዱት። የመጀመሪያው ሳምንት ላይ፣ ቀለበት ሳይጠፋ በፊት፣ ለአለቃችሁ ንገሩ። ዓይን ማየት ከከበዳችሁ በሁለቱ ቅንድቦች መካከል ያለውን እዩ፣ እነሱ አይለዩትም። ጥገኝነት የምትጠይቁም ብትሆኑ ቃላችሁን ስትሰጡ ገና ከመነሻው ተናገሩትና ቃለ ጉባኤው ላይ ይግባ። መጨረሻ ላይ በአስተርጓሚ ተመልሶ ሲነበብላችሁ መግባቱን አረጋግጡ። «አቀርቅሮ ስለሚያወራ ይዋሻል» ብሎ የሚያስብ ሰው ፊት ልትቀመጡ ትችላላችሁ።

አንቺ አብሮ አደጌ ደግሞ፣ የአሠሪዎችሽ ቃለ መጠይቅ በቪዲዮ ነው የሚሆነው። ስክሪኑ ላይ ያለውን ፊታቸውን ስታዪ ለእነሱ ያቀረቀርሽ ነው የምትመስዪው። ካሜራዋን እዪ። ስልክሽን መጽሐፍ ላይ ደርድረሽ በዓይንሽ ልክ አቁሚው፣ ከታናሽ እህትሽ ጋር ሁለት ሦስት ምሽት ተለማመጂ።