ደንከርክ፦ ከግንቡ እስከ አሸዋው

በሰሜን ፈረንሳይ ከሊል ወደ ባሕር ዳርቻዋ ከተማ ደንከርክ የሚወስደው ባቡር የሚያቋርጠው አገር፣ ከካሴል ኮረብታ በስተቀር ዓይን የሚያርፍበት ከፍታ የሌለው፣ በየአቅጣጫው በቦይ የተሸነሸነ ሜዳ ነው። በመስኮት እየተመለከትሁ ሜዳውን እንደ ጦር ካርታ ለማንበብ ሞከርሁ። በ1932 ዓ.ም.፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1940፣ የተከበቡት የብሪታንያና የፈረንሳይ ወታደሮች ወደ ባሕሩ ያፈገፈጉት በዚህ ምድር ላይ ነው፤ እነዚህ ቦዮችም ታንክ ለማቆም ከነበሯቸው ጥቂት መከላከያዎች ዋነኞቹ ነበሩ።

ነገሩ የተበላሸው በፍጥነት ነው። ግንቦት 2 ቀን ማጥቃት የጀመረው የጀርመን ጦር፣ ታንክ ያልፍበታል ተብሎ ባልታሰበው በአርደን ጫካ በኩል ሰንጥቆ ግንቦት 12 ቀን በባሕሩ አጠገብ ወዳለችው አብቪል ደረሰ። በዚህም ወደ ቤልጂግ ዘልቆ የነበረው የተባባሪዎቹ ጦር በደቡብ ካለው የፈረንሳይ ጦር ተቆረጠ። የብሪታንያ ዘማች ጦር አዛዥ ሎርድ ጎርት ግንቦት 17 ቀን ማታ ወደ ደቡብ የማጥቃቱን ዕቅድ ትቶ ወደ ባሕር ለማፈግፈግ ወሰነ፤ ካሌ በማግስቱ ወደቀች፤ የቤልጂግ ንጉሥ ደግሞ ግንቦት 20 ቀን እጁን ሰጠ። የቀረው ወደብ ደንከርክ ብቻ ነበር።

ጀርመኖች ግንቦት 16 ቀን ታንኮቻቸው ከከተማዋ ደጃፍ ባሉት ቦዮች ላይ እንዲቆሙ አዝዘው፣ ትእዛዙን ያነሡት ከሁለት ቀን በኋላ ነው። ለምን እንደቆሙ የታሪክ ሰዎች ዛሬም ይከራከራሉ፤ አንዳንዶቹ የታንኮቹን መዳከም፣ ሌሎቹ የጀርመን አየር ኃይል አዛዥ ጎሪንግ አየር ኃይሉ ሥራውን ብቻውን እንደሚጨርስ መፎከሩን፣ የቀሩት ደግሞ የመሬቱን ረግረግነት ያነሣሉ። እኔ ሜዳውን በዓይኔ ካየሁ በኋላ የመሬቱን ነገር ማቃለል አልቻልሁም፤ በዝናብ ማግስት ከመንገድ ጥቂት ወጣ ማለት ጫማን ጭቃ ውስጥ ትቶ መመለስ ነው።

ከተማዋ በጦርነቱ አብዛኛው ክፍሏ ስለፈረሰ የምትታየው ከጦርነቱ በኋላ በተሠራው መልኳ ነው። ከጥንቱ ከተረፉት አንዱ የቅዱስ ኤልዋ ቤተ ክርስቲያን ሲሆን፣ በፊት ለፊት ድንጋዩ ላይ የጥይትና የፍንጣሪ ቁስሎች እንዳሉ ናቸው። አንዱን ቁስል በእጄ ብዳስሰው ጡጫዬን ሊውጥ ትንሽ ቀረው፤ ጠርዙ በዝናብና በነፋስ ብዛት ለስልሷል። በከተማዋ የመርከብ መቆሚያ ደግሞ የተከበቡትን በባሕር ባስወጣው ዘመቻ ወታደር ያመላለሰችው ፕሪንሰስ ኤልዛቤት የተባለች ባለ መቅዘፊያ ጎማ የእንፋሎት መርከብ ታስራ ትታያለች።

ዋናው ሙዚየም በባስቲዮን 32 ውስጥ ነው። ይህ በአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን የተሠራ ባለ ወፍራም ግድግዳ የጡብ ምሽግ፣ በከበባው ጊዜ የፈረንሳዩ አድሚራል አብሪያል ጠቅላይ መምሪያ ነበር። ከባሕርና ከአሸዋ የወጡ የዛጉ መሣሪያዎችና የወታደር ልብሶች ተደርድረውበታል። እኔን የያዘኝ ግን የከበባው ሞዴልና ካርታ ነው፤ ምክንያቱም ከዚያ በኋላ በእግሬ የማየውን ነገር ሁሉ ቅደም ተከተል ያስያዘልኝ እሱ ነው።

ወታደሮቹን በባሕር የማስወጣቱ ዘመቻ ዳይናሞ ይባል ነበር። የመሩት ምክትል አድሚራል በርትራም ራምዜ ሲሆኑ፣ የሚሠሩትም በእንግሊዝ ዳርቻ፣ በዶቨር ምሽግ ሥር ባለ ዋሻ ውስጥ ነበር። ሲጀመር ተስፋ የተደረገው በሁለት ቀን ወደ 45,000 ሰው ማውጣት ነበር፤ ከዚያ በላይ ጀርመኖች ጊዜ አይሰጡም ተብሎ ነበርና። ከግንቦት 18 እስከ ግንቦት 27 ቀን የወጣው ግን 338,226 ሰው ነው።

ይህ ቁጥር እንዴት እንደተገኘ ለመረዳት ከሙዚየሙ ወጥቶ ወደ ባሕሩ መዞር ይበቃል። ከወደቡ አፍ በስተ ምሥራቅ ተነሥቶ ወደ ባሕሩ የሚዘረጋ፣ ወደቡን ከማዕበል ለመከላከል የተሠራ ረጅም ግንብ አለ። በዚያን ጊዜ ርዝመቱ ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ሆኖ፣ ከላዩ ሦስት ወይም አራት ሰው ጎን ለጎን የሚሄድበት ጠባብ የእንጨት መተላለፊያ ነበረው። መርከብ እንዲጠጋው ታስቦ አልተሠራም። ግንቦት 19 ቀን ከዶቨር የተላከው ካፒቴን ዊሊያም ቴናንት ሲደርስ የነዳጅ ማከማቻዎቹ ይነዳሉ፤ የውስጠኛው ወደብ በቦምብ ተደብድቦ ከጥቅም ውጭ ሆኗል፤ ከባሕሩ ዳርቻ በጀልባ ሰው መጫኑ ደግሞ እጅግ አዝጋሚ ነው፤ በዚያን ቀን ወደ እንግሊዝ የደረሱት 7,669 ብቻ ነበሩ። በዚያች ሌሊት ቴናንት ክዊን ኦቭ ዘ ቻነል የተባለችውን የመንገደኞች መርከብ ወደዚህ ግንብ እንድትጠጋ አዘዘ፤ ተጠጋች፤ ከዘጠኝ መቶ በላይ ሰው ጫነች። መርከቧ በማግስቱ ጠዋት ስትመለስ በቦምብ ብትሰጥምም መንገዱ ተገኝቶ ነበር።

ከተሳፈሩት ውስጥ 239,555 የሚሆኑት ከወደቡ፣ አብዛኛዎቹም ከዚህ ግንብ ሲሆን፣ ከአሸዋው ላይ በቀጥታ የተነሡት 98,671 ናቸው። እንዲህ ሆኖ ሳለ ስለ ደንከርክ ሲወራ የሚነሣው አሸዋው፣ ከእንግሊዝ ወንዞች የመጡት የሽርሽርና የዓሣ ማጥመጃ ጀልባዎችም ናቸው። የነጠላ ሰዎችን ጀግንነት ማውራት ስለሚቀልል ይመስለኛል። ጀልባዎቹ ሥራ አልሠሩም ማለቴ አይደለም፤ ሰውን ከጥልቀት አልባው ዳርቻ ወደ ትልልቆቹ መርከቦች በማመላለስ ያለ እነሱ የማይቻል ሥራ ሠርተዋል። ይሁን እንጂ ብዙዎቹን ያንቀሳቅሱ የነበሩት የባሕር ኃይል ሰዎች ሲሆኑ፣ የዘመቻው የጀርባ አጥንት ደግሞ ዲስትሮየር የሚባሉት ፈጣን የጦር መርከቦችና በእንግሊዝና በፈረንሳይ መካከል ባለው ሰርጥ ይመላለሱ የነበሩት የመንገደኛ መርከቦች ነበሩ። የጥንቱ የእንጨት መተላለፊያ ዛሬ የለም። ቢሆንም የግንቡን መስመር ከዳርቻው ቆሞ በዓይን ሲከተሉት፣ በዚያ ጠባብ ነገር ላይ በቦምብ ሥር ተሰልፎ ተራ መጠበቅ ምን እንደሆነ በመጠኑ ይገባል። ባሕሩ ሲሞላና ሲጎድል የከፍታው ልዩነት ብዙ ሜትር ስለሆነ፣ ወታደሮቹ አንዳንዴ በመሰላል ወርደው፣ አንዳንዴም ዘልለው ነበር መርከብ የሚገቡት።

ከደንከርክ የባሕር ዳርቻ ሰፈር ከማሎ ሌ ባን ተነሥቼ ወደ ምሥራቅ በአሸዋው ላይ የተጓዝሁት ባሕሩ በሸሸበት ሰዓት ነው፤ ወደዚያ የሚሄድ ሰው ሁሉ የውኃውን ሰዓት አስቀድሞ እንዲመለከት እመክራለሁ። ውኃው ሲሸሽ አሸዋው ብዙ መቶ ሜትር ይገለጣል፤ ቁልቁለቱ እጅግ ጥቂት በመሆኑ ወደ ውኃው ገብቼ ረጅም ከሄድሁ በኋላም ጉልበቴን አላለፈኝም። ወታደሮቹ እስከ አንገታቸው በውኃ ቆመው ጀልባ ይጠብቁ የነበረው ለዚህ ነው፤ ትልልቆቹ መርከቦች ርቀው መቆም ግድ ሆኖባቸው ነበር። በብሬ ዱን በኩል መሐንዲሶቹ የዘዴ ሥራ ሠርተዋል፤ ባሕሩ ሲሸሽ የጭነት መኪናዎችን በመስመር ወደ ውኃው ነድተው አቆሙ፣ አያያዟቸው፣ ከላያቸው ሳንቃ አነጠፉ፤ ባሕሩ ሲሞላ ጀልባ የሚጠጋበት መሸጋገሪያ ሆነ። ያ ሁሉ መኪና ከዚህ በኋላ የሚሄድበት ስላልነበረው ማንም አልሳሳለትም። ጦሩ ትቶት የሄደው ተሽከርካሪ ወደ 64,000 የሚጠጋ ሲሆን መድፉም ከ2,400 በላይ ነበር።

ዙይድኮት አጠገብ ከአሸዋው ብቅ ያለው ብረት የክሬስትድ ኢግል ስብርባሪ ነው። ይህች መርከብ ከጦርነቱ በፊት የለንደን ሰዎችን በቴምዝ ወንዝ ለሽርሽር የምትወስድ ነበረች። ግንቦት 21 ቀን ከግንቡ ላይ ወደ ስድስት መቶ ሰው ጭና፣ በአጠገቧ ከሰጠመችው ፌኔላ የተረፉትንም አክላ ስትወጣ በቦምብ ተመታች፤ በእሳት ስትያያዝ ካፒቴኗ ሰው እንዲተርፍ ብሎ ወደ አሸዋው ነዳት። ወደ ሦስት መቶ የሚሆኑ ሰዎች ሞተውባታል። አሁን የቀረው የታችኛው አካሏ የጎድን ብረት ነው፤ ጥቁር ዛጎል ለበስ የባሕር ፍጥረት እርስ በርሱ ተደራርቦ ስለበቀለበት ብረቱ ራሱ የሚታየው በጥቂት ቦታ ብቻ ነው። በቅርጹ መሐል ውኃ አቁሯል፤ በውኃውም ውስጥ ጣት የማይሞሉ ሸርጣኖች ወደ ዝገቱ ሥር ሲሸሹ አየሁ። ከእኔ ሌላ የነበሩት ሰዎች ውሻቸውን የሚያንሸራሽሩ ባልና ሚስት ሲሆኑ፣ ለብረቱ ዘወር ብለውም አላዩትም።

በዚህ ዳርቻ ባሉት የአሸዋ ጉብታዎች መካከል ከሕንድ ጦር የመጡ፣ በአብዛኛው ሙስሊሞች የሆኑ የበቅሎ ጭነት ክፍሎችም ነበሩ። በቅሎዎቻቸውን ጥለው ነው የተሳፈሩት። ኢትዮጵያዊ ተጓዥ ደግሞ እዚህ ቆሞ አንድ ሌላ ነገር ሳያስብ አይቀርም፦ በዚያው ግንቦት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዚህ ባሕር ማዶ በባዝ ከተማ በስደት ነበሩ። ሙሶሊኒ ፈረንሳይ ስትወድቅ አይቶ ሰኔ 3 ቀን ጦርነቱን ሲቀላቀል የብሪታንያ ጠላት ሆነ፤ ንጉሠ ነገሥቱም በዚያው ወር ወደ ሱዳን እንዲያመሩ መንገድ ተከፈተላቸው። የእነዚህ ወታደሮች ሽንፈት ለእኛ አርበኞች የብሪታንያን እርዳታ ማቅረቡ የታሪክ ምጸት ነው።

ስመለስ አውቶቡስ ያዝሁ፤ የደንከርክ አካባቢ የከተማ አውቶቡስ ለማንም ነጻ ነው፤ እስከ ብሬ ዱንም ይደርሳል። ለፍሪንኩክ ላይ ወርጄ ያየሁት የጉብታዎች ምሽግ ከሁሉ ይልቅ ያልተወራለት ቦታ ነው። እዚህ የፈረንሳይ 12ኛ ሞተራይዝድ እግረኛ ክፍለ ጦር ጠቅላይ መምሪያ ነበር፤ አዛዡ ጄኔራል ዣንሰን ግንቦት 25 ቀን ምሽጉ በአየር ሲደበደብ ሞቷል። ከሊል አጠገብ የተከበበው የፈረንሳይ ጦርም እስከ ግንቦት 23 ቀን ድረስ በመዋጋት በርካታ የጀርመን ክፍለ ጦሮችን ከደንከርክ አርቆ ይዟል። በዚያው ግንቦት 23 ቀን ከደንከርክ የወጣው 68,014 ሰው ከሌሎቹ ቀናት ሁሉ ይበልጣል። እነዚህን ሁለት ነገሮች አያይዞ የሚናገር ሰው ጥቂት ነው።

የመጨረሻዋ መርከብ ሺካሪ ግንቦት 27 ቀን ከንጋት በፊት ከግንቡ ስትለቅ፣ ሌሎቹ እንዲወጡ ሲከላከሉ የቆዩ ወደ 40,000 የሚጠጉ ወታደሮች፣ አብዛኛዎቹ ፈረንሳዮች፣ ወደ ኋላ ቀርተው ተማረኩ። ወደ እንግሊዝ ከተሻገሩት ፈረንሳዮችም ብዙዎቹ በቀናት ውስጥ ተመልሰው ወደ ፈረንሳይ የተላኩ ሲሆን፣ ከእነሱም ብዙው ክፍል አገሪቱ ስትወድቅ ተማርኳል። ቸርችል ግንቦት 27 ቀን በምክር ቤት ቆመው ጦርነት በማፈግፈግ ድል አይደረግም፣ ይህን ማምለጥ ድል አድርጋችሁ እንዳትወስዱት ማለታቸው ለዚህ ነው። ደንከርክ ራሷ በጀርመኖች እጅ ቆይታ ነጻ የወጣችው ግንቦት 1 ቀን 1937 ዓ.ም. ነው፤ ያን ጊዜ በርሊን ወድቃ ነበር።

የመጨረሻው መቆሚያዬ በከተማዋ መቃብር ሥፍራ የሚገኘው የብሪታንያ መታሰቢያ ነበር። በ1957 እ.ኤ.አ. የተመረቀው ይህ ሥፍራ በድንጋይ ዓምዶቹ ላይ መቃብራቸው የማይታወቅ ከ4,500 በላይ ወታደሮችን ስም ይዟል፤ በመጨረሻው በኩል ባለው መስኮት ላይ የማስወጣቱ ሥዕል በመስተዋት ላይ ተቀርጿል። ስሞቹ የተደረደሩት በሬጅመንት በሬጅመንት ነው። የመርከበኞቹን ስም ብፈልግ አላገኘሁትም፤ በባሕር ለጠፉት የባሕር ኃይል ሰዎች መታሰቢያ የቆመው በቻታም፣ በፖርትስማውዝና በፕሊማውዝ ነው። ፈረንሳዮቹ ከጉብታዎቹ ምሽግ አጠገብ ተቀብረዋል። ስለዚህ የደንከርክን ሙታን በሙሉ ማየት የሚሻ ሰው ይህን መቃብር አይቶ ወደ ለፍሪንኩክ መሄድ፣ ከዚያም ባሕሩን መሻገር ይኖርበታል።