የሣጥኑ ቁልፍ አዲስ አበባ ነው

ባለፈው ጥር በተካሄደው የእድራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ጉባኤ ላይ አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት እጃቸውን አውጥተው ስለ 340 ብር ጠየቁ። ገንዘቡ የተቀደደውን የድንኳን ጎን ለማሰፋት የወጣ ነው። የእድሩ ጸሐፊ እንደመሆኔ ሒሳቡን ያነበብኩት እኔ ነበርኩ፤ ደረሰኙን ግን ከመዝገቡ ጋር አላያያዝኩትም። «ልጄ፣ አላመንኩህም ማለቴ አይደለም፤ ወረቀቱን ግን አሳየን» አሉኝ። በባጃጅ ወደ ድሬዳዋው ሳቢያን ሰፈር ሄጄ ደረሰኙን ከቤት ይዤ እስክመለስ ድረስ ከመቶ የሚበልጥ አባል ጥላ ሥር ተቀምጦ ጠበቀኝ። ዳኛው ደረሰኙን ተቀብለው ጮክ ብለው አነበቡት፤ እናታችንም «እግዜር ይስጥልኝ» ብለው ተቀመጡ። ከዚያ በኋላ ወደሚቀጥለው አጀንዳ አለፍን።

ይህን የማነሳው በዚያች ግማሽ ሰዓት ውስጥ ያየሁትን ነገር ለሰባት ዓመታት ተቀጥሬ በሠራሁባቸው የዓለም አቀፍ ድርጅቶች ፕሮጀክቶች ውስጥ አንድ ቀን እንኳ ስላላየሁት ነው። አስተርጓሚና መረጃ ሰብሳቢ ነበርኩ። «ተጠያቂነት» የሚለውን ቃል ያልሰማሁበት ሥልጠና የለም፤ ቃሉ ግን ከ«መጠየቅ» የመጣ ነውና ጠያቂው ማን እንደሆነ ሳይታወቅ ስለ ተጠያቂነት መነጋገር እንዴት እንደሚቻል አሁንም አይገባኝም። ለጋሹ ይጠይቃል፣ ዋናው መሥሪያ ቤት ይጠይቃል፣ ኦዲተሩ ይጠይቃል። ሥራው የሚሠራለት ሰው ጠይቆ፣ ወረቀት መጥቶለት፣ በፊቱ ሲነበብለት ግን አላየሁም።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ከድሬዳዋ ወጣ ብሎ ወደሚገኝ አንድ የገጠር ቀበሌ ስሙን ከማልጠቅሰው ድርጅት ቡድን ጋር ሄድኩ። ድርጅቱ በቀበሌው የውኃ ቦኖ አሠርቶ ነበር፤ ቦኖው ለአምስት ወር ሠርቶ ቆሟል። ሴቶቹ እንደ ቀድሞው የደረቀውን ወንዝ አሸዋ እየቆፈሩ፣ የሚወጣውን ውኃ በጣሳ እየጨለፉ ወደ ጀሪካን ይቀዱ ነበር። በቀበሌው ጽሕፈት ቤት ግድግዳ ላይ ሰማያዊ ቀለም የተቀባ የቆርቆሮ ሣጥን ተሰቅሏል፤ ላዩ ላይ በአማርኛና በእንግሊዝኛ «የአስተያየትና የቅሬታ ሣጥን» ተብሎ ተጽፎበታል። የአካባቢው ሰው የሚነጋገረው በኦሮምኛና በሶማልኛ ነው። አራት ጀሪካን በአህያ ጭና የመጣች አንዲት ሴት ሣጥኑን እያየች «እዚያ ውስጥ የሚገባውን የሚያነበው ማን ነው?» ስትል በኦሮምኛ ጠየቀችኝ። ጥያቄዋን ለቡድኑ መሪ ተረጎምኩለት። ሣጥኑ በየሦስት ወሩ እንደሚከፈት፣ ቁልፉ ግን አዲስ አበባ ባለው ክፍል እጅ እንደሆነ ነገረኝ፤ እኔም ይህንኑ መልሼ ነገርኳት። «ወንድሜ፣ እኔ መጻፍ አልችልም። ይኼ እዚህ የቆመው ሰውዬ ጆሮ የለውም?» አለች።

የቡድኑ መሪ ክፉ ሰው አልነበረም። የሰማውን ሁሉ በማስታወሻው ጻፈ። ነገር ግን የሪፖርቱ ቅጽ የሚጠይቀው ስንት ቦኖ እንደተሠራ እንጂ ስንቱ ውኃ እንደሚሰጥ አልነበረም፤ ስለ ቅሬታ ያለው ዓምድም የሚሞላው በሣጥኑ ውስጥ በተገኘው ወረቀት ቁጥር ብቻ ነበር። ሣጥኑ ባዶ ስለነበረ «የቀረበ ቅሬታ፦ የለም» ተብሎ ተላከ። ያንን ዓምድ በኮምፒውተር የሞላሁት እኔ ነኝ፤ ዛሬም ይቆጨኛል።

ነገሩ የአንድ ቀበሌና የአንድ ሣጥን ጉዳይ አይደለም። የዓለም አቀፍ ድርጅት ሕልም በእኛ አገር ላይ እንዴት እንደተፈተነ የሐረር ሽማግሌዎች ያውቁታል። ኢትዮጵያ በመንግሥታቱ ማኅበር አባልነት የተመዘገበችው እ.ኤ.አ. በ1923 ነው፤ የማኅበሩ ቃል ኪዳንም አንዱን አባል የወጋ ሁሉንም እንደወጋ ይቆጠራል ይል ነበር። ወራሪዋ ጣሊያን ግን ራሷ የማኅበሩ ምክር ቤት ቋሚ አባል ነበረች፤ የተጣለባት ማዕቀብም ለጦር አውሮፕላኖቿና ለመኪናዎቿ የሚያስፈልጋትን ነዳጅ አላካተተም። ሐረር እ.ኤ.አ. በማርች 1936 መጨረሻ ከአየር ተደበደበች። በወጣትነታቸው ሐረርን ያስተዳደሩት ንጉሠ ነገሥት በጁን 30 ጄኔቫ ላይ ቆመው ተናገሩ፤ ሁለት ሳምንት ያህል እንዳለፈ ማዕቀቡ ተነሣ። ይህንን ታሪክ ሁልጊዜ የምናነሣው የታላላቅ መንግሥታትን ክህደት ለማሳየት ነው፤ ትክክልም ነው። እኔን ግን ይበልጥ የሚያሳስበኝ፣ ምክር ቤቱ ቃሉን ባጠፈ ጊዜ «ለምን?» ብሎ ሊጠይቀውና መልስ ሊያስገድደው የሚችል አካል አለመኖሩ ነው። እሱን የተካው የተባበሩት መንግሥታት ድርጅትም ኢትዮጵያ መሥራች አባሉ ብትሆንም በጸጥታው ምክር ቤት ውስጥ አምስቱን አገሮች ድምፅን በድምፅ የመሻር መብት ሰጥቶ ይህንኑ ክፍተት ይዞት ቀጠለ።

የገንዘቡ ዓለም ደግሞ እኩልነትን ለስሙም አያነሣም። በዓለም አቀፉ የገንዘብ ድርጅት ውስጥ የአንድ አገር ድምፅ የሚለካው በዋነኛነት ባዋጣው ኮታ ነው። አሜሪካ ብቻዋን ከድምፁ 16 በመቶ በላይ ይዛለች፤ ዋና ዋና ውሳኔዎች 85 በመቶ ድምፅ ስለሚያስፈልጋቸው እሷ ያልፈለገችው ለውጥ አያልፍም። ከመቶ ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያላት ኢትዮጵያ ያላት ድምፅ ከአንድ በመቶ አንድ አሥረኛውን እንኳ አይሞላም። ለሁሉም አገር በእኩል የሚሰጠው መነሻ ድምፅ ድርጅቱ ሲመሠረት ከጠቅላላው ከ11 በመቶ በላይ ነበር፤ እየቀነሰ ሄዶ ወደ 2 በመቶ ከወረደ በኋላ በማሻሻያ ወደ 5.5 በመቶ ተመልሷል። ከሰሃራ በታች ያሉ ከ40 የሚበልጡ አገሮች እስከ እ.ኤ.አ. 2024 መገባደጃ ድረስ በሥራ አስፈጻሚ ቦርዱ ውስጥ በሁለት ዳይሬክተሮች ብቻ ነበር የሚወከሉት፤ ሦስተኛው ወንበር የተጨመረው ያኔ ነው። የድርጅቱ ዋና ኃላፊ ሁልጊዜ አውሮፓዊ፣ የዓለም ባንኩ ፕሬዚዳንት ሁልጊዜ አሜሪካዊ የሚሆኑትም ተጽፎ በወጣ ሕግ ሳይሆን በቆየ ልማድ ነው። የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን በተደረገበት በጁላይ 2024 ማብቂያ የገንዘብ ድርጅቱ ቦርድ ለኢትዮጵያ 3.4 ቢሊዮን ዶላር ያህል የአራት ዓመት ብድር አጽድቋል። ውሳኔው መልካም ነው ወይስ መጥፎ የሚለውን ለምጣኔ ሀብት ባለሙያዎች እተወዋለሁ። እኔ የምጠይቀው በእያንዳንዱ ሱቅ በር የሚገባ ጉዳይ ሲወሰን ባለ ሱቁና ገዢው የት ነበሩ ብዬ ነው።

አንድ አገር አንድ ድምፅ ቢሆን ይበቃል እንዳይባል የዓለም ጤና ድርጅት አለ። እ.ኤ.አ. በ2017 የአገራችን ሰው ቴድሮስ አድሃኖም ለዋና ዳይሬክተርነት ሲመረጡ አባል አገሮች ሦስት ዕጩዎችን አወዳድረው በምስጢር ድምፅ ሰጡ፤ በመጨረሻው ዙር 133 ድምፅ አገኙ። ሆኖም የድርጅቱ ገቢ አብዛኛው ከአባልነት መዋጮ የሚመጣ ሳይሆን ለጋሾች ለየትኛው ሥራ እንደሚውል ራሳቸው ወስነው የሚሰጡት ነው። ድምፁ የሁሉም ቢሆንም የሥራውን ቅደም ተከተል የሚያስቀምጠው ብዙ ጊዜ ገንዘቡ ነው።

ወደ ላይ ብቻ የሚያይ ተጠያቂነት ምን እንደሚያስከትል ቅርብ ጊዜ አይተናል። እ.ኤ.አ. በጁን 2023 የዓለም የምግብ ፕሮግራምና የአሜሪካ የተራድኦ ድርጅት የዕርዳታ እህል ለታለመለት ሰው እንደማይደርስ በመረጋገጡ በመላው ኢትዮጵያ የሚሰጡትን የምግብ ዕርዳታ አቆሙ፤ ለወራት ቆሞ ቆየ። ሌብነቱ እውነት ነው፣ ዝም ሊባልም አይገባውም ነበር። ነገር ግን ውሳኔው ለግብር ከፋዩና ለለጋሹ የተሰጠ መልስ ነበር፤ እህሉን ያልሰረቀው ተራበ። እዚህ በድሬዳዋ የገጠር ቀበሌዎች ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ ባለው የሴፍቲኔት ፕሮግራም ውስጥ የቀበሌ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ አለ፤ እገሌ ለምን ተዘለለ የሚለውን ያያል፣ ብዙ ጊዜም በቅንነት ይሠራል። ክፍያው ለምን ዘገየ፣ መጠኑ ለምን አነሰ የሚለው ግን ከኮሚቴው አቅም በላይ ነው፤ ጎረቤት ጎረቤቱን መጠየቅ ተፈቀደለት እንጂ ከዚያ ያለፈውን የሚጠይቅበት መንገድ አልተከፈተለትም።

ከሁሉም በላይ እንቅልፍ የሚነሳኝ የሄይቲ ጉዳይ ነው። በሐምሌ 1998 ዓ.ም. ሌሊት እዚህ ድሬዳዋ የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ከ250 በላይ ሰው የወሰደብን እኛ፣ ወንዝ ሞት ይዞ ሲመጣ ምን እንደሚመስል እናውቃለን። ሄይቲ ላይ ግን በወንዙ የመጣው ሞት ባለቤት ነበረው። እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2010 ከተባበሩት መንግሥታት የሰላም አስከባሪዎች ሰፈር የወጣ ፍሳሽ ወደ አርቲቦኒት ወንዝ ገባርነት በሚፈስ ውኃ ውስጥ ገብቶ ኮሌራ ተነሣ፤ ወደ 10,000 የሚጠጋ ሰው ሞተ። ድርጅቱ ከሄይቲ መንግሥት ጋር በፈረመው ውል መሠረት የጉዳተኞችን አቤቱታ የሚሰማ ኮሚሽን መቋቋም ነበረበት፤ አልተቋቋመም። ተጎጂዎቹ አቤት ሲሉ እ.ኤ.አ. በ2013 አቤቱታው ተቀባይነት የለውም ተባሉ፤ የአሜሪካ ፍርድ ቤትም የድርጅቱን ያለመከሰስ መብት አጸና። ዋና ጸሐፊው ባን ኪ ሙን የሄይቲን ሕዝብ ይቅርታ የጠየቁት ስድስት ዓመት ካለፈ በኋላ በዲሴምበር 2016 ነው። ያለመከሰስ መብት የተሰጠው አንድ መንግሥት ድርጅቱን እንዳያስፈራራና ሥራውን እንዳያስተጓጉል ነው፤ ያንን እቀበላለሁ። ልጇን በኮሌራ የቀበረች እናት እንዳትጠይቅ የሚከለክል አጥር እንዲሆን ግን ታስቦ አልነበረም።

ከዚህ ሁሉ ውስጥ ትንሽ ተስፋ የሚሰጠኝ የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ1993 ያቋቋመው የምርመራ ፓነል ነው። ሕንድ ውስጥ በናርማዳ ወንዝ ላይ ባንኩ ባበደረው ገንዘብ ይሠራ በነበረው ግድብ ምክንያት የተፈናቀሉ ሰዎችና ደጋፊዎቻቸው ባነሡት ጩኸት የመጣ ነው። ሁለት ወይም ከዚያ የሚበልጡ ሰዎች ባንኩ የራሱን መመሪያ በመጣሱ ተጎድተናል ብለው፣ በመንግሥታቸው በኩል ማለፍ ሳያስፈልጋቸው፣ በፈለጉት ቋንቋ ማመልከት ይችላሉ። ከአገራችንም የጋምቤላ አኝዋኮች እ.ኤ.አ. በ2012 አመልክተዋል፤ ባንኩ የሚደግፈው የመሠረታዊ አገልግሎቶች ፕሮግራም መንግሥት በክልሉ ካካሄደው የመንደር ማሰባሰብ ሰፈራ ጋር ተያይዞብናል ብለው ነበር። ፓነሉ የባንኩ ገንዘብ በቀጥታ ለማፈናቀል ውሏል ባይልም፣ ባንኩ በሁለቱ መካከል ያለውን ግንኙነትና አደጋውን በአግባቡ እንዳልመረመረ አረጋግጧል። ፓነሉ ካሣ ማዘዝ አይችልም፤ የሚያቀርበው ሪፖርት ለቦርዱ ነው፣ ቦርዱ ውስጥ ደግሞ ያው ድምፅ በገንዘብ ይቆጠራል። ቢሆንም ከሁለት ሰው ተነሥቶ ዋሽንግተን ድረስ የሚዘልቅ ጥያቄ ተመርምሮ መልስ ማግኘቱ ቀላል ነገር አይደለም፤ በየቀበሌው ሊነገር የሚገባውም ይኼ ነበር።

አንድ ወዳጄ ይህን ሁሉ ስነግረው «እንግዲያው እንደ እድር ይሁኑ» አለኝ። እኔም መጀመሪያ እንደዚያ አስቤ ነበር። ነገር ግን እድር የሚጠየቀው ለሚያዋጣው አባል ነው፤ ሐረር ያለው አፎቻ የሚባለው እድር መሰል ማኅበርም ለአባሎቹ እንጂ ለመንገደኛው አይደለም። መዋጮውን መክፈል ያቃተው የቀን ሠራተኛ በጉባኤያችን ድምፅ የለውም፤ እኛም ስለ እሱ ብዙ ተነጋግረን አናውቅም። በዚህ በኩል ካየነው፣ ያዋጣ ይናገር የሚለው ሐሳብ የገንዘብ ድርጅቱም ሐሳብ ነው፤ ልዩነቱ በእኛ ዘንድ መዋጮው እኩል መሆኑ ብቻ ነው። ስለዚህ የመጠየቅ መብት ከመዋጮ ሊመነጭ አይችልም። ሊመነጭ የሚገባው ሥራው ከሚነካው ሕይወት ነው፦ ቦኖው በደጇ የቆመባት ሴት ለቦኖው ሳንቲም ባታዋጣም ውኃ ለምን እንደማይወርድ የመጠየቅና መልሱን በምትሰማው ቋንቋ የማግኘት መብት አላት። ይህ እንዲሆን ድርጅቶቹ መልስ የሚሰጡበት ቀን የተቆረጠለት፣ ከሪፖርት አቅራቢው ክፍል የተለየ፣ ወረቀት ላልያዘ ሰውም በቃል የሚከፈት መዝገብ ያስፈልጋቸዋል። ገንዘቡ ብዙ አይደለም፤ የአንድ ሆቴል ሥልጠና ወጪ የብዙ ቀበሌ መዝገብ ይሸፍናል።

ያቺን ሴት ቀፊራ ገበያ ሽንኩርት ስትሸጥ ድንገት አገኘኋት፤ አስታወሰችኝ። ቦኖው አሁንም ደርቋል። በሚቀጥለው ቅዳሜ ከአራት ጎረቤቶቿ ጋር ከተማ መጡ፤ እነሱ በኦሮምኛ እየነገሩኝ እኔ በቁቤ ጻፍኩት፣ መልሼ አነበብኩላቸው፣ ሁለት ቦታ ላይ አስተካከሉኝ፣ ከዚያም በአውራ ጣታቸው ፈረሙ። ደብዳቤውን ፎቶ አንሥቼ ድርጅቱ ከአገር ውጭ ባለው የቅሬታ አድራሻ ላክሁት። በእንግሊዝኛ የተጻፈ አጭር መልስ ወዲያው መጣ፤ በ30 ቀናት ውስጥ እንመልሳለን ይላል። ዛሬ 41ኛው ቀን ነው። ነገ ሁለተኛውን ደብዳቤ እልካለሁ፤ የመጀመሪያውን ቅጂ ከቀኑ ጋር አያይዤበታለሁ።